ሥጋን የተወ ጀግና፦ የባሌ ደጋ የጾም ማዕድና ገድሉ

በ2010 ዓ.ም. የካቲት ወር በዓለም አደባባይ የታየውና «ብላክ ፓንተር» የተባለው የጀግና ፊልም የተወደደበት ምክንያት ብዙ ቢሆንም፣ ከትዕይንቶቹ ሁሉ አንዲቱ ለእኛ ለኢትዮጵያውያን ከሌላው ሕዝብ ይልቅ በአንክሮ ልትታይ የሚገባት ናት። በረዶ በለበሰ ተራራ ላይ ከሌላው ሕዝብ ተለይቶ የሚኖረው የጃባሪ ነገድ አለቃ ምባኩ፣ ወደ አዳራሹ የገባውን ነጭ እንግዳ ልጆቼን ሥጋህን አበላቸዋለሁ ብሎ ካስፈራራው በኋላ፣ ከት ብሎ ስቆ እኛ እኮ ሥጋ የማንበላ ሰዎች ነን ይለዋል። ተመልካቹ በዚህ ይስቃል፤ ነገሩን ከሥሩ ለመረመረው ግን ከሣቁ በስተኋላ ትልቅ የሐሳብ ለውጥ አለ፤ ይኸው ምባኩ በ1969 እ.ኤ.አ. በሥዕላዊ መጽሔት ለመጀመሪያ ጊዜ በተሣለ ጊዜ ነጩን ጎሬላ ገድሎ፣ በደሙ ታጥቦና ሥጋውን በልቶ የአውሬውን ኀይል የወረሰ ሰው ሆኖ ነበርና። ዳይሬክተሩ ራያን ኩግለርና ባልደረቦቹ ከ49 ዓመት በኋላ ታሪኩን ሲያድሱ፣ ኀይሉን ከሥጋ ያገኘውን ሰው ሥጋን ትቶም ኀይሉና ግርማው ያልጎደለ የተራራ መስፍን አደረጉት።

ሥጋን የተወ ጀግና ለዘመናዊው ፊልም እንግዳ ነገር ይሆን ይሆናል፤ በኢትዮጵያ ደጋ ላይ ግን በብራና ተጽፎ፣ በግድግዳ ተሥሎ፣ በማኅበር ተዘክሮ ብዙ መቶ ዓመት የኖረ ነው። እኔ በዚህ ሐተታ ልገልጸው የምወደው የዚህን ጀግና ታሪክ በአንድ ምድር ላይ፣ ይኸውም በሮቤና በጎባ በባሌም ደጋ ላይ ተከትሎ፣ ገድሉ በምን ኀይል ከሰው ልብ ወደ ሰው ገበታ እንደ ወረደ ነው። አስቀድሜም የምለው ይህ ነው፤ ሥጋን የመተው ታሪክ በሕዝብ ዘንድ ጸንቶ የቆየው ገድሉ ስለ ተተረከ ብቻ ሳይሆን፣ ከገድሉ በስተኋላ ማድ ቤት ስለ ነበረ ነው።

የባሌ ስም በታሪክ የታወቀው ከ14ኛው ምዕት ዓመት ጀምሮ ነው። በዐፄ ዐምደ ጽዮን ዘመን አካባቢ የጻፈው ዐረባዊው ሊቅ አል ዑመሪ፣ በዚያን ጊዜ ከነበሩት ሰባት የእስልምና መንግሥታት አንዷ ባሌ መሆኗን፣ በምድሯ ለምነትና በአየሯ ጠባይ የምትመሰገን መሆኗን፣ ሕዝቧም የሚገበያየው በገንዘብ ሳይሆን ከብትን፣ በግንና ጨርቅን በመለዋወጥ እንደ ነበር መስክሯል። ከዚያ በኋላ የ16ኛው ምዕት ዓመት ጦርነትና የሕዝብ እንቅስቃሴ የምድሩን መልክ ለወጠው፤ የአርሲ ኦሮሞ በደጋው ላይ ሰፍሮ፣ ከብቱን በየወቅቱ ከቆላው ወደ ሐረና ደን፣ ከደኑም ወደ ሰነቲ አምባ፣ ማዕድን ወዳለው ወደ ሆራውም ውሃ እያዘዋወረ የሚያሰማራበትን ጎዳንቱ የተባለውን ሥርዓት አጸና። ከ4,000 ሜትር በላይ በተዘረጋው በሰነቲ ላይ፣ 4,377 ሜትር ከፍታ ባለው በቱሉ ዲምቱ ግርጌ፣ እህል ስለማይበቅል ሰው የሚኖረው ሣሩን ወደ ወተት በሚለውጥለት ከብት ነው፤ ከዚያ ዝቅ ባለውም ደጋ የሚዘራው ገብስ ተቆልቶና ተፈጭቶ በቅቤ ሲታሽ ጭኮ ይሆናል፤ ይህም የመንገደኛ ስንቅ፣ የእንግዳም ክብር ነው።

በዚህ ምድር የጀግንነት ሚዛን የነበረው በአብዛኛው አደን ነው። አንበሳ ወይም ጎሽ የገደለ ሰው በጌራርሳ ዜማ ስሙ ይነሣል፤ ቅቤ ይቀባል፤ በሸንጎም ፊት ቃሉ ይደመጣል። ከሰሜን የመጣውም ወታደር ቢሆን ከዚህ የተለየ ልማድ አልነበረውም፤ እርሱም በፉከራና በቀረርቶ የገደለውን ይቆጥር ነበር፤ የአንበሳ ጎፈር በራሱ ላይ ያደርግ ነበር፤ መኳንንቱም የጥቁር ነብር የጊሥላ ለምድ በትከሻቸው ላይ ይጥሉ ነበር። ስለዚህ ሁለቱ ወገኖች በጦር ሜዳ በተገናኙ ጊዜ በሃይማኖትና በቋንቋ የተለያዩ ቢሆኑም፣ ጀግና ማለት የገደለ ነው በሚለው ነገር አንድ ነበሩ። ሁለተኛው ዓይነት ጀግና፣ ሳይገድል የሚያሸንፈው፣ በመካከላቸው የገባው በሌላ በር ነው።

ራስ ዳርጌ ሣህለ ሥላሴ የመሩት ጦር በ1870ዎቹ ዓ.ም. መጨረሻ የአርሲን ምድር ከብዙ ደም መፋሰስ በኋላ ከያዘ ወዲህ፣ የሸዋ ሠራዊት የዋቤን ወንዝ ተሻግሮ ወደ ባሌ ደጋ ዘለቀ፤ በ19ኛው ምዕት ዓመት መገባደጃም ጎባ የጦር ሰፈር ሆና ተቆረቆረች፤ ኋላም የባሌ ጠቅላይ ግዛት መናገሻ ለመሆን በቃች። ከወታደሩ ጋራ ካህኑ፣ ከካህኑም ጋራ ባሕረ ሐሳቡ መጣ፤ በባሕረ ሐሳቡ የሚቈጠሩት አጽዋማትም ከሠራዊቱ ጋራ ደጋውን ወጡ። እዚህ ላይ እውነቱን ሳይሸሽጉ መናገር ይገባል፤ ያ ዘመን ለገባሩ የጭነት ዘመን ነበር፤ መሬቱን የተነጠቀው ገበሬ ለባለ ጠብመንጃው እህል ይሰፍር፣ ማር ይገብር፣ ጉልበቱንም ያፈስ ነበር፤ የዚያም በደል ቁጭት ከ1955 እስከ 1962 ዓ.ም. በእነ ዋቆ ጉቱ መሪነት በባሌ ምድር ለተነሣው ዐመፅ አንዱ ምክንያት ሆኗል። የጾም ማዕድ ወደ ባሌ የገባው ይህን ከመሰለ ሥርዓት ጋራ ተቈራኝቶ መሆኑ አይካድም። ነገር ግን ሥርዓቱ በ1967 ዓ.ም. በወጣው የመሬት ዐዋጅ ሲፈርስ ማዕዱ አብሮት አልፈረሰም፤ ያልፈረሰበት ምክንያትም ኀይሉ ከጠብመንጃው ስላልነበረ ነው።

ኀይሉ ከየት ነበር? አንደኛው ምንጭ ገድሉ ነው። ፍትሐ ነገሥት በዐሥራ አምስተኛው አንቀጹ የጾምን ሥርዓት ይደነግጋል፤ ሕግ ግን ብቻውን የሰውን ልብ አይማርክም። የሰውን ልብ የማረከው፣ ሕዝቡ በፍቅር አቦ እያለ የሚጠራቸው የአቡነ ገብረ መንፈስ ቅዱስ ዜና ሕይወት ነው። ገድላቸው እንደሚተርከው በግብፅ አገር ንሒሳ በተባለች ስፍራ ከስምዖንና ከአቅሌስያ ተወለዱ፤ የእናታቸውን ጡት አልጠቡም፤ የምድርን እህል አልቀመሱም፤ ልብሳቸው የገዛ ጠጉራቸው ነበር፤ 60 አንበሶችና 60 ነብሮች እየተከተሏቸው ወደ ኢትዮጵያ መጥተው በዝቋላ ተራራ ላይ ስለ ሕዝቡ ሲጸልዩ ኖሩ። ከዚህ ሁሉ ደግሞ ይልቅ የሚያስደንቀው የአራዊቱ ነገር ነው፤ እነዚያ አንበሶችና ነብሮች ጻድቁ የረገጡትን ትቢያ እየላሱ ይጠግቡ ነበር ተብሎ ይነገራልና። ነቢዩ ኢሳይያስ አንበሳ እንደ በሬ ገለባ የሚበላበትን የሰላም ዘመን አስቀድሞ እንዳየ፣ የገድሉ ጸሐፊም ያን ዘመን በአንድ ባሕታዊ እግር ሥር ተፈጽሞ አሳየ።

ይህ ታሪክ ማንበብ ለማይችለው ሕዝብ የደረሰው በሥዕል ነው። በቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ላይ ጻድቁ ሁለት እጃቸውን ወደ ሰማይ ዘርግተው፣ ጠጉራቸው እስከ እግራቸው ወርዶ፣ በቀኝ በግራቸው አንበሶቹና ነብሮቹ እንደ ሎሌ ተሰልፈው፣ ውሃ የጠማት ወፍም ከዓይናቸው ዕንባ ስትጠጣ ይሣላሉ። በየወሩ በ5ኛው ቀን የአቦ ማኅበርተኞች ጽዋውን ይዘው ሲሰበሰቡ፣ በጥቅምትና በመጋቢት 5ም ክብረ በዓላቸው ሲከበር፣ ሕፃኑ ይህን ሥዕል እያየ፣ ካህኑ ሲያነብ እየሰማ፣ ከሽማግሌዎቹም አፍ እየተቀበለ ያድጋል። ዛሬ ፊልም ሠሪው በብርሃንና በድምፅ የሚያደርገውን፣ ያን ጊዜ ሠዓሊውና አንባቢው በቀለምና በዜማ ያደርጉት ነበር። ወታደሩ የአንበሳ ጎፈር ደፍቶ ወደ ቤተ ክርስቲያን ሲገባ፣ በግድግዳው ላይ የሚያየው አንበሳን ሳይገድል ያስገዛ ሰው ነው፤ ሁለቱ የጀግንነት ሚዛኖች ፊት ለፊት የሚተያዩት በዚያች ቅጽበት ነበር።

አቦ ብቻቸውን አይደሉም። አባ ሳሙኤል ዘዋልድባ በአንበሳ ላይ ተቀምጠው ይሣላሉ፤ የዋልድባ መነኮሳት ከእህል ተለይተው ቋርፍ በሚሉት ምግብ ይኖራሉ፤ ዳንኤልና ሦስቱ ወጣቶች ከባቢሎን ንጉሥ ማዕድ ሥጋና ጠጅ ርቀው ጥራጥሬ በልተውና ውሃ ጠጥተው ለ10 ቀን በተፈተኑ ጊዜ ፊታቸው ከሌሎቹ ይልቅ አምሮ እንደ ተገኘ በየጉባኤው ይተረካል። እነዚህን ዜናዎች የሚያያይዛቸው አንድ ትምህርት አለ፤ ሆዱን የገዛ ሰው ኀይል አይጎድለውም፤ እንዲያውም ሌላው የማይደርስበት ኀይል ይሰጠዋል።

ሆኖም ገድል የሚሰማ ሁሉ ገድለኛ አይሆንም። እንደ አቦ ምንም ሳይቀምስ የሚኖር ምእመን የለም፤ ምእመኑ የሚጠየቀው በዐቢይ ጾም 55 ቀን፣ በጾመ ነቢያት፣ በሐዋርያት፣ በፍልሰታ፣ በነነዌ፣ በገሃድ፣ ረቡዕና ዓርብም ከሥጋ፣ ከወተት፣ ከቅቤና ከእንቁላል እንዲታቀብ ነው፤ ይህም ሁሉ ሲደመር ለምእመኑ በዓመት ወደ 180፣ ለካህኑና ለመነኩሴው ወደ 250 ቀን ይደርሳል። የዓመቱን እኩሌታ ያህል እንዲህ ያለ ሕግ የሚጠብቅ ሕዝብ ታሪክ ብቻ እየሰማ ሊጸና አይችልም፤ የሚበላው ነገር መልካም መሆን አለበት። ሁለተኛው የኀይል ምንጭ እንግዲህ ማድ ቤቱ ነው፤ ስማቸው በዜና መዋዕል ያልተጻፈላቸው ጀግኖችም የማድ ቤቱ እመቤቶች ናቸው።

ከጎባ ሰፈር ጋራ ደጋውን የወጣው ሙያ ምን ያህል የጠለቀ እንደ ሆነ ለመረዳት ስልጆን ማየት ይበቃል። ባቄላው ተቆልቶ ይከካል፤ ክኩ ተፈጭቶ ይነፋል፤ በሌላ ወገን ሱፉ ተወቅጦ በውሃ ይታሻል፤ ተጠልሎም ነጭ ውሃው ይወጣል። በዚህ የሱፍ ውሃ ውስጥ የባቄላው ዱቄት ጓጉሎ እንዳይቋጠር እየተማሰለ በለሰለሰ እሳት ይበስላል፤ ሲወፍርና ከማማሰያው ላይ እየተንጠለጠለ ሲወርድ ይወጣል፤ ከቀዘቀዘ በኋላ የተፈጨ ሰናፍጭ፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ዝንጅብልና ጤና አዳም ገብቶበት፣ ተከድኖ ለጥቂት ቀናት ይቆያል። በእነዚያ ቀናት ውስጥ ይኮመጥጣል፤ ሰናፍጩም አፍንጫን እስኪሰነፍጥ ይነቃል። ወተት የሌለበት፣ ነገር ግን የወተትን ውፍረትና የእርጎን ኮምጣጣነት አስተባብሮ የያዘ ይህ ምግብ፣ በሑዳዴ እኩሌታ ሰውነቱ ለዛለው ጾመኛ የሚደርስለት ረዳት ነው። እንዲሁም ከወደ ቆላው በሚመጣ የሽምብራ ዱቄት እመቤቲቱ ሊጡን እንደ ዓሣ አበጅታ፣ በዘይት ጠብሳ፣ በበርበሬ ቁሌት ውስጥ የምትጨምረው የሽምብራ ዓሣ አለ። ተልባ ፍትፍቱ፣ አዚፋው፣ ሽሮው፣ የአተር ክኩ፣ ጎመኑና ድንቹ ሲጨመርበት በአንድ ገበታ ላይ የሚሰለፈው ነገር የዕጦት ገበታ መሆኑ ቀርቶ የጥበብ ገበታ ይሆናል።

የባሌ ደጋ ለዚህ ጥበብ የተመቸ ነበር። ባሌ ገናና ቦና የተባሉ ሁለት የዝናብና የአዝመራ ወቅቶች አሉት፤ በመጋቢት ገደማ የሚጀምረው ገና ሲያልፍ፣ ቦናው ከነሐሴ ጀምሮ ተከትሎት ይመጣል፤ ስለዚህ ገበሬው በአንድ ዓመት ሁለት ጊዜ የሚያጭድበት ዕድል አለው። ባቄላና አተር በደጋው ጥቁር አፈር ላይ ይስማማሉ፤ በሥራቸው ላይ በሚሰፍሩ ደቂቅ ሕዋሳት አማካይነትም ናይትሮጅንን ከአየር እየወሰዱ ለአፈሩ ስለሚመልሱ፣ ከእነርሱ በኋላ የሚዘራው ገብስና ስንዴ ይፋፋል። ስለዚህ ጾሙ ለነፍስ የታዘዘ ሲሆን፣ ጾመኛው የሚፈልገው ጥራጥሬ ደግሞ ለእርሻው የሚጠቅም ሆኖ ተገኘ፤ ማድ ቤቱና ማሳው ሳይመካከሩ ተስማሙ።

ከዚህ ሁሉ በላይ ግን በሮቤና በጎባ የጾም ማዕድ የሠራው ሌላ ታላቅ ሥራ አለ፤ ይህም በሚገባ ሳይነገርለት የኖረ ነው። በአገራችን ክርስቲያኑ እስላሙ ያረደውን፣ እስላሙም ክርስቲያኑ ያረደውን አይበላም፤ ሥጋ በገበታ ላይ ከወጣ ጎረቤት ከጎረቤት ይለያያል። ክርስቲያን ሠርግ የደገሰ እንደ ሆነ እስላሞቹ ጎረቤቶቹ ራሳቸው አርደው ራሳቸው የሚያበስሉት በግ ወይም ሰንጋ ለይቶ ይሰጣል፤ እስላሙም ሲደግስ እንዲሁ ያደርጋል፤ ይህ መልካም መከባበር ቢሆንም ገበታው ሁለት መሆኑ አልቀረም። ባሌ ደግሞ የእስልምና ትውፊት ሥር የሰደደበት ምድር ነው፤ የሼክ ሑሴን መካነ መቃብር በድሬ ይገኛል፤ ምዕመናን ባላ በትራቸውን ይዘው ባሕሮ እያዜሙ ከሩቅ አገር ይሄዱበታል፤ የዌብ ወንዝ ከዓለት ውስጥ ፈልፍሎ ያወጣው፣ 15 ኪሎ ሜትር ያህል የሚረዝመው ዋሻም መጠጊያ ባደረጉት በሼክ ሶፍ ዑመር ስም ይጠራል። እንዲህ ባለ ምድር ሁለቱ ወገኖች በአንድ ትሪ ዙሪያ ያለ ሥጋት እጃቸውን የሚሰዱት መቼ ነው ቢባል፣ መልሱ ገበታው የጾም በሆነ ጊዜ ነው። ሽሮ አራጅ የለውም፤ ምስርና ጎመን ሲዘጋጁ የማንም ስም አይጠራባቸውም። በልቅሶ ቤት፣ በመንገድ ላይ ባለ ምግብ ቤት፣ በተማሪዎች ማደሪያ፣ እስላሙ ጓደኛ የጾም በያይነቱን ከክርስቲያኑ ጋራ አንድ ላይ ይቆርሳል። የሁለቱ ጾም በሥርዓቱ የተለያየ ነው፤ በረመዳን የሚጾመው ሰው ቀኑን ሙሉ ከምግብና ከውሃ ተከልክሎ ማታ ሲያፈጥር ሥጋ አልተከለከለም። ነገር ግን ሁለቱም ወገኖች ሆድን መግዛት ክብር መሆኑን ያውቃሉ፤ ስለዚህ የአንዱ ጾም ለሌላው እንግዳ አልሆነበትም። በጦር የመጣ ሥርዓት ሊያደርገው ያልቻለውን አንድነት የባቄላ ክክ አደረገው ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

ከባሌ ወደ አዲስ አበባ የሚሄድ መንገደኛ በዲንሾ፣ በአዳባና በዶዶላ አልፎ ሻሸመኔ ሲደርስ ደግሞ ሌላ ሕዝብ ያገኛል። በ1948 እ.ኤ.አ. ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ኢጣልያ በወረረችን ጊዜ ለኢትዮጵያ ለቆሙት በውጭ አገር ላሉ ጥቁር ሕዝቦች ከግል ርስታቸው በሻሸመኔ መሬት ሰጡ፤ ንጉሠ ነገሥቱ ሚያዝያ 13 ቀን 1958 ዓ.ም. ጃማይካን ከጐበኙ በኋላም ራስ ተፈሪያውያን በብዛት ወደዚያ መፍለስ ጀመሩ። እነዚህ ሰዎች ኢታል የሚሉት የአመጋገብ ሥርዓት አላቸው፤ ሥጋን ይተዋሉ፤ ምግባቸውን ምድር ካበቀለችው ያለ ብዙ ቅመማ ይሠራሉ፤ ይህንንም እምነታቸውን በሬጌ ዜማ ለዓለም ሁሉ አሰምተዋል። «ብላክ ፓንተር» የተባለውን ጀግና ስታን ሊና ጃክ ከርቢ ለመጀመሪያ ጊዜ በሥዕል ያወጡት በዚሁ ዓመት፣ በ1966 እ.ኤ.አ.፣ መሆኑ የሚያስገርም ግጥምጥሞሽ ነው፤ በአንድ ዓመት ውስጥ በአንድ ወገን የአፍሪካ ንጉሥ በሥጋ ለሕዝቡ ታየ፤ በሌላው ወገን አፍሪካዊ ንጉሥ በወረቀት ላይ ጀግና ሆነ። የሻሸመኔው ማኅበረሰብ የሚያስተምረን ነገር ከገድሉ ጋራ የሚስማማ ነው፤ ዜማው ተሰምቶ የቆየው ከዜማው በስተኋላ የሚበላ ኢታል ስለ ነበረ ነው።

ፊልም በአገራችን ያለፈበት መንገድ ረጅም ነው። መጀመሪያ አዲስ አበባ በገባ ጊዜ ሕዝቡ የሚታይበትን ቤት የሰይጣን ቤት ብሎ ሸሽቶታል፤ ኋላ ግን ጥበቡን የራሱ አደረገው። ሥጋንና ርኅራኄን በተመለከተ ከኢትዮጵያ ፊልሞች ሁሉ ልቤን የነካው ያሬድ ዘለቀ ያዘጋጀውና በ2007 ዓ.ም. ግንቦት ወር በካን የፊልም በዓል ለይፋዊው ምርጫ በመብቃት ከኢትዮጵያ የመጀመሪያ የሆነው «ላምብ» ነው። እናቱ የሞተችበት ኤፍሬም የተባለ ሕፃን፣ ቹኒ ከምትባል በጉ ጋራ በዘመዶቹ ቤት ተጥሎ ሳለ፣ አጎቱ ለመጪው በዓል በጊቱ እንድትታረድ ይፈርዳል። ሕፃኑ በጉን ለማዳን ጦር አላነሣም፤ ከእናቱ የተማረውን የምግብ ሙያ ተጠቅሞ ሳምቡሳ እየሠራ በገበያ መሸጥ ጀመረ፤ ወንድ ልጅ ማድ ቤት ምን ያደርጋል የሚለውን የአጎቱን ተግሣጽም በትዕግሥት ተቀበለ። ይህ ሕፃን ካባ አልለበሰም፤ በሰማይ አልበረረም፤ ነገር ግን የደካማውን ፍጥረት ሕይወት ለመታደግ ምጣድ ፊት የቆመ ጀግና ነው። ከሩቅ አገር በመጣ ታሪክ ደግሞ ሱፐርማን «በርዝራይት» በተባለው በ2003 እ.ኤ.አ. መታተም በጀመረው ሥዕላዊ ታሪክ ውስጥ በሕያዋን ሁሉ ዙሪያ ያለውን የሕይወት ብርሃን በዓይኑ ስለሚያይ ሥጋ የማይበላ ሆኖ ቀርቧል። ሁለቱን ሳነጻጽር የምመርጠው ኤፍሬምን ነው፤ ሱፐርማን ሥጋን የተወበትን ምክንያት ብቻ ሲነግረን፣ ኤፍሬም በምትኩ ምን እንደሚሠራ አሳይቶናልና።

ዛሬ በባሌ ይህን ነገር ማንሣት የሚያስፈልገው ያለፈውን ለማመስገን ብቻ አይደለም። በደርግ ዘመን የመንግሥት እርሻዎች በሮቤ ዙሪያ ከተስፋፉ፣ የሲናና የግብርና ምርምር ማዕከልም በ1978 ዓ.ም. ከተቋቋመ ወዲህ፣ የባሌ ሜዳ የኢትዮጵያ የስንዴ ጎተራ ለመሆን በቅቷል፤ ይህ ታላቅ በረከት ነው። ነገር ግን ስንዴ በስንዴ ላይ እየተደጋገመ ሲዘራ አፈሩ ይደክማል፤ በሽታም ይጠነክራል፤ በ2006 ዓ.ም. ዲገሉ የተባለውን የስንዴ ዝርያ የመታው የግንድ ዋግ የብዙ ገበሬ አዝመራ አጥፍቶ አልፏል። ባቄላና አተር ወደ ማሳው በየተራ መመለስ አለባቸው ማለት ነው፤ ይህ እንዲሆን ደግሞ በገበያው ላይ የሚፈልጋቸው ገበታ መኖር አለበት። በሌላ በኩል በ1962 ዓ.ም. የተመሠረተው፣ በ2016 ዓ.ም. መስከረም በዓለም ቅርስነት የተመዘገበው የባሌ ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ፣ በዓለም ላይ ከቀሩት 500 ያህል ቀይ ቀበሮዎች ከእኩሌታ በላይ የሚሆኑትን፣ የደጋ አጋዘኑንም በውስጡ ይዟል፤ የከብቱ ብዛት የግጦሹን ሣር ሲያራቁተው፣ ከብት ጠባቂው ውሻም የእብድ ውሻን በሽታ ወደ ቀበሮው ሲያሻግር ይህ ሀብት በአደጋ ላይ ይወድቃል።

ስለዚህ በሮቤ በመደ ወላቡ ዩኒቨርሲቲ የሚማር ወጣት፣ ወይም በጎባ ካሜራ የያዘ ወይም እንደ በስራት ደበበ ጀምበርንና ሐዊን የመሳሰሉ ኢትዮጵያውያን ጀግኖች በሥዕላዊ መጽሔት ለማውጣት የሚነሣ ሰው፣ ምድር ካበቀለችው ስለ መኖር ታሪክ ልሥራ ቢል፣ መነሻውን ከውጭ መለመን አያስፈልገውም። መጠንቀቅ ያለበት በአንድ ነገር ነው፤ በሰነቲ ጫፍ በወተት የሚኖረውን እረኛ፣ ልጁን በእርጎ የምታሳድገውን እናት የሚንቅ ታሪክ እንዳይጽፍ። የእኛ ትውፊት ሥጋን ረክሷል ብሎ አላወገዘም፤ ጊዜ ለየለት እንጂ። በፋሲካ የሰፈር ሰው በአንድ በሬ ላይ ተባብሮ ቅርጫውን የሚካፈለው፣ የተካፈለውንም በደስታ የሚበላው 55 ቀን ስለ ታገሠ ነው። ከጾሙ የሚገኘው ልከኝነት፣ ከፍስኩ የሚገኘው ደስታ፣ ሁለቱ ተደጋግፈው የኖሩ ናቸው፤ በማሳውና በግጦሹ ላይ የተበላሸውም ሚዛን ሊታረም የሚችለው ይህን ልከኝነት በማደስ ነው።

የባሌ ደጋ ታሪክ እንደሚያስረዳን፣ ሰው ከገበታው ላይ ሥጋን የሚያነሣው ስለ ተሰደበ ወይም ስለ ተገደደ ሳይሆን፣ የሚያከብረው ጀግና ሲኖረው፣ በምትኩም የሚጣፍጥ ወጥ ሲቀርብለት፣ ይልቁንም ያን ወጥ ከማን ጋራ እንደሚበላ ሲያውቅ ነው። ገድሉን ካህናቱና ሠዓሊያኑ አቆዩልን፤ ወጡን እናቶቻችን አቆዩልን፤ ጎረቤቱን ደግሞ የሮቤና የጎባ ሕዝብ አቆየልን። እነዚህን ሦስቱን በአንድ ታሪክ ውስጥ አስማምቶ የሚያሳየን ጸሐፊና ፊልም ሠሪ ከዚያው ምድር እንዲነሣ እመኛለሁ፤ ከተነሣም በኋላ ሥራው በአዲስ አበባ ወይም በሌላ አገር ከመታየቱ በፊት በጎባ አዳራሽ፣ በሮቤም አደባባይ፣ በአማርኛና በኦሮምኛ ለባለ ታሪኮቹ ራሳቸው ሊታይ ይገባዋል።